በተቃውሞ መሀል የተገደለ የሰውነት ግንባታ ሻምፒዮን ሕይወት እንዴት ይጻፋል?

አንድ ስፖርተኛ ሰልፍ ላይ ሲገደል በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት ሁለት ፎቶ ይዞራል። አንዱ መድረክ ላይ ነው፤ ቆዳው በቀለም ጠቁሮ፣ ሁለት ክንዱን አንሥቶ፣ እየሣቀ። ሌላው የመጨረሻው ፎቶ ነው፤ ምን እንደሚያሳይ ታውቃላችሁ። ሰዉ ሁለቱን ጎን ለጎን ያደርግና «ጀግና ነበር» ብሎ ሼር ያደርጋል። በሁለቱ ፎቶዎች መሀል ያለው ሃያ ምናምን ዓመት የትም አይገኝም። ይህን የምጽፈው ያንን መሀሉን ለመሙላት ለተነሣ ሰው ነው፤ የስፖርት ገጽ ላላችሁ፣ አብሯችሁ ጂም ለሠራ ጓደኛ መታሰቢያ ልትጽፉ ላሰባችሁ፣ ወይም ዜናውን አይታችሁ «ይህ ሰው በሁለት መስመር ማለቅ የለበትም» ላላችሁ።

አቋሜን ከወዲሁ ልናገር። ከምትጽፉት ውስጥ ቢያንስ ሁለት ሦስተኛው ስለ ኖረው ሕይወት ይሁን። ሞቱን አሳንሱት ማለቴ አይደለም። ሰውየው ማን እንደነበር ያላወቀ አንባቢ ምን እንደተቀማ አይገባውም። ደግሞ እያንዳንዷ መስመር የተጣራች ትሁን፤ አንዲት የተጋነነች ነገር ካለች፣ ሞቱን መካድ የሚፈልግ ሰው የሚጀምረው ከእሷ ነው።

የምያንማሯን ሰልፈኛ ክያል ሲንን አስታውሱ። እ.ኤ.አ. ማርች 3 ቀን 2021 ማንዳላይ ከተማ ውስጥ፣ ወታደራዊውን መፈንቅለ መንግሥት በሚቃወም ሰልፍ ላይ በጥይት ስትገደል 19 ዓመቷ ነበር። የለበሰችው ቲሸርት ላይ በእንግሊዝኛ «ሁሉም ነገር ደህና ይሆናል» የሚል ጽሑፍ ነበረና ዓለም በዚያ ቲሸርት አወቃት። ቴኳንዶ ትሠራ እንደነበር፣ ዳንስ ትወድ እንደነበር የሚያውቀው ሰው በጣም ያንሳል። ሰልፍ ከመውጣቷ በፊት ፌስቡክ ላይ የደም ዓይነቷን ጽፋ፣ ከሞተች አካሏ ለሚያስፈልገው ሰው እንዲሰጥ ጠይቃ ነበር። ይህች አንዲት ነገር ከአሥር «ጀግና» ትበልጣለች። የእናንተም ሥራ እንዲህ ዓይነቷን ነገር መፈለግ ነው።

ማዕረጉን አጣሩ

«የዓለም ሻምፒዮን» የሚለውን ስታዩ ቆም በሉ። እግር ኳስ አንድ ፊፋ ነው ያለው። ሰውነት ግንባታ ግን ብዙ ፌዴሬሽን አለው፤ እያንዳንዱም የራሱን የዓለም ሻምፒዮና ያዘጋጃል። በጣም የሚታወቀው አይኤፍቢቢ እ.ኤ.አ. በ1946 ሞንትሪያል ውስጥ በሁለት ወንድማማቾች፣ በቤን እና በጆ ዋይደር ተመሠረተ። በ2017 የፕሮፌሽናሎቹ ሊግ ከዓለም አቀፉ ፌዴሬሽን ተለይቶ ወጣ፤ ስማቸው ስለሚመሳሰል ዛሬም ሰው ያምታታቸዋል። ከእነሱ ውጭ ናባ አለ፣ ዋባ አለ፣ ሌሎችም አሉ።

ምድቡም ሌላ ጣጣ ነው። ክላሲክ የሚባለው ላይ የስፖርተኛው ክብደት በቁመቱ ይገደባል። ኦፕን ላይ ገደብ የለም። ሜንስ ፊዚክ ላይ ደግሞ ረዘም ያለ ቁምጣ ለብሰው ስለሚወጡ ጭን አይዳኝም። በዕድሜም ይከፈላል፤ ለወጣቶች ጁኒየር አለ፣ በዕድሜ ለገፉት ማስተርስ አለ። ስለዚህ «የዓለም ሻምፒዮን» ብላችሁ ከማለፍ በየትኛው ፌዴሬሽን፣ የት ከተማ፣ በስንት ዓመተ ምሕረት፣ በየትኛው ምድብ፣ ስንተኛ እንደወጣ ጻፉ። አንድ ዓረፍተ ነገር ይበቃል።

በተለይ «ሚስተር ኦሎምፒያ» የሚለው ስም ላይ ተጠንቀቁ። ይህ ከ1965 ጀምሮ የሚካሄድ አንድ የተወሰነ ውድድር ነው፤ የመጀመሪያው አሸናፊ ላሪ ስኮት ነበር። የዋናው ምድብ አሸናፊዎች ዝርዝር አጭር ነው፤ ማንም ሰው በአንድ ደቂቃ ያጣራዋል። ኢራናዊው ሃዲ ቾፓን በዲሴምበር 2022 ላስ ቬጋስ ላይ ሲያሸንፍ ለአገሩ የመጀመሪያው ነበር። በብሔራዊ ውድድር ወርቅ ያገኘን ሰው «የኦሎምፒያ ሻምፒዮን» ብትሉት ለእሱ ክብር የጨመራችሁ ይመስላችኋል። በማግሥቱ ግን አንድ ሰው ዝርዝሩን ስክሪንሾት አድርጎ «ሻምፒዮንነቱ ውሸት ከሆነ መገደሉስ?» ብሎ ይጽፍባችኋል። ብሔራዊ ወርቅ ራሱ ትልቅ ነገር ነው። በልኩ ጻፉት።

ማጣራቱ ያን ያህል አይከብድም። መድረክ ላይ የቆመበትን ፎቶ አጉልታችሁ እዩ። ፓንቱ ላይ፣ ወገቡ አካባቢ፣ ቁጥር የተጻፈበት ክብ ነገር ተለጥፏል። ያ የተወዳዳሪ ቁጥሩ ነው። የውድድሩን ውጤት ዝርዝር ወይም የሌሎች ተወዳዳሪዎችን ፎቶ ካገኛችሁ ከቁጥሩ ጋር አስተያዩት። ከጀርባው ያለው ባነር ላይ የውድድሩ ስምና ዓመት ይኖራል። ሜዳሊያው ላይ የተቀረጸውን አንብቡ፤ ቤተሰቡን «ሜዳሊያውን ከነጀርባው ፎቶ አንሡልኝ» ብላችሁ ጠይቁ። ማረጋገጥ ካልቻላችሁ «ጓደኞቹ እንደሚሉት» ብላችሁ ማን እንዳለ ጻፉ። ነውር የለውም።

የዓመት ነገር

ይህን እኛ በአማርኛ የምንጽፍ ሰዎች በደንብ ልናውቀው ይገባል፤ ሁለት አቆጣጠር ይዘን ነው ያደግነው። ስፖርተኛው ኢራናዊ ከሆነ ሦስተኛ ይጨመራል። የኢራን ዓመት የሚጀምረው ማርች 20 ወይም 21 አካባቢ ነው። በእነሱ 1370 ተወለደ ከተባለ በአውሮፓ 1991 ወይም 1992 መጀመሪያ ነው፤ በእኛ ደግሞ 1983 ወይም 1984 ይሆናል። ወሩን ሳታውቁ ዓመት ብቻ ከለወጣችሁ ዕድሜው በአንድ ዓመት ይዛነፋል፤ ከዚያ አንዱ ገጽ 38 ይላል፣ ሌላው 39 ይላል፣ ሰው «አንድ ዓይነት ነገር እንኳን መናገር አልቻሉም» ይላል። ወሩን ጠይቁ። አንድ አቆጣጠር ምረጡና መጀመሪያ ላይ የትኛው እንደሆነ ተናገሩ። እኔ እዚህ ከመጀመሪያው ጀምሮ በአውሮፓው ነው የምጽፈው።

ስፖርቱን ዕወቁት

ብዙ መታሰቢያ የሚወድቀው እዚህ ጋ ነው። ጸሐፊው ሰውነት ግንባታን አያውቅም፤ ስለዚህ «ብረት የሚያነሣ ግዙፍ ሰው» ብሎ ያልፋል። ከዚያ የማትቀር መስመር ትመጣለች፤ ያ ሁሉ ጡንቻ ጥይት አላቆመለትም የምትለዋ። እባካችሁ ተዉአት። ሁሉም ሰው ጽፏታል፤ ስለ ሰውየውም የምትነግረን ነገር የለም።

ከዚያ ይልቅ ይህንን ተረዱ። መድረክ ላይ የምታዩት ሰውነት የአንድ ቀን ሰውነት ነው። ስፖርተኛው ዓመቱን ሙሉ እንደዚያ አይመስልም፤ ከውድድር ውጭ ብዙ ኪሎ ይጨምራል፣ ፊቱ ይሞላል። ውድድር ሲቃረብ፣ ብዙውን ጊዜ ከ12 እስከ 16 ሳምንት ሲቀረው ዳየት ይጀምራል። ምግቡን በግራም ይመዝናል። ጠዋት ጠዋት ሚዛን ላይ ይወጣል። ስቡ እየቀነሰ ሲሄድ እንቅልፍ ይጠፋል፣ ብርድ ይሰማዋል፣ ትዕግሥቱ ያልቃል። ቤት ውስጥ ያለ ሰው ሁሉ ያውቀዋል፤ ሚስትም፣ እናትም፣ ታናሽ ወንድምም «አሁን አታናግሩት» የሚባባሉበት ጊዜ ነው። መጨረሻው ሳምንት ላይ ብዙዎቹ ውኃና ጨው ይቀያይራሉ፤ ይህ አደገኛ ነው፣ ሰው ራሱን የሣተበት ጊዜ አለ። ዋዜማው ላይ ሰውነቱ በቡናማ ቀለም ደጋግሞ ይቀባል፤ የመድረኩ መብራት ኃይለኛ ስለሆነ ያለ ቀለም ጡንቻው አይለይም። ቀለሙ አንሶላውን ያበላሻል፣ የሆቴሉን ፎጣ ያበላሻል።

ከመድረክ ጀርባ ሄዳችሁ ብታዩ ግርግር ነው። አንዱ በላስቲክ ክንዱን ያሞቃል፣ አንዱ ፑሽ አፕ ይሠራል፣ አንዱ መሬት ላይ ተኝቶ እግሩን ግድግዳ ላይ ሰቅሏል። ስማቸው ሲጠራ ይወጣሉ። ዳኛው «የፊት ደብል ባይሴፕስ» ሲል ሁለቱ ክንዶች ይነሣሉ። ከታች ሆኖ ለሚያይ ሰው ዝም ብሎ የቆመ ይመስላል። ጠጋ ብላችሁ ጭኑን ካያችሁት ግን ይንቀጠቀጣል፤ ከእግር ጣቱ ጀምሮ እያንዳንዱን ጡንቻ አጥብቆ ይዟል፣ ከዚያ በላይ ደግሞ መሣቅ አለበት። ዳኞቹ ተወዳዳሪዎቹን ቦታ ሲያቀያይሩ ወደ መሀል የተጠራው ሰው ልቡ ይዘላል። መሀል ማለት አብዛኛውን ጊዜ ማሸነፍ ማለት ነውና።

ይህን ሁሉ ካወቃችሁ በኋላ ጥያቄያችሁ ይለወጣል። አሠልጣኙን «ምን ዓይነት ሰው ነበር?» ብትሉት «በጣም ጥሩ ልጅ ነበር» ይላችኋል፤ ሌላ ምን ይበል። «የትኛውን እንቅስቃሴ መሥራት ይጠላ ነበር?» በሉት። «እግር በሚሠራበት ቀን ይቀር ነበር?» በሉት። ብረት ሲያነሣ ከጀርባው ቆሞ ይጠብቀው የነበረውን የጂም ጓደኛውን ፈልጉ። ባርቤሉ ደረት ላይ ሲቀር የሚያነሣልህን ሰው ታምነዋለህ፤ ያ ጓደኛ ስለ እሱ ቤተሰብ እንኳን የማያውቀውን ነገር ያውቃል። የሥልጠና ደብተር እንዳለው ጠይቁ። ብዙዎቹ ስንት ኪሎ ስንት ጊዜ እንዳነሡ በየቀኑ ይጽፋሉ፤ ዛሬ ዛሬ ስልክ ላይ ነው። የመጨረሻው ገጽ ላይ ያለው ቀን ብቻውን ብዙ ይናገራል።

ከሁሉም የሚበልጠው ጥያቄ ግን «ማን ነበር የሚከፍለው?» የሚለው ነው። አማተር ሰውነት ግንባታ ገንዘብ አያስገኝም። የመመዝገቢያውን፣ የቲኬቱን፣ የምግቡን፣ የፕሮቲኑን ብዙ ጊዜ ስፖርተኛው ራሱ ነው የሚሸፍነው። ለዚህም ነው ብዙዎቹ ጂም ውስጥ ሰው እያሠለጠኑ የሚኖሩት። የገንዘብ ምንዛሬ በወደቀ ቁጥር፣ አገሩ ላይ ማዕቀብ በተጣለ ቁጥር፣ ቪዛ በተከለከለ ቁጥር የሚጎዳው እሱ ነው። ሃዲ ቾፓን ራሱ በቪዛ ምክንያት አሜሪካ ሄዶ መወዳደር ያልቻለባቸው ዓመታት ነበሩ፤ በ2019 ተሳክቶለት ኦሎምፒያ ላይ ሲቆም በመጀመሪያ ሙከራው ሦስተኛ ወጣ። ይህን ጥያቄ ስትከተሉ የሰውየውን ሥራ፣ ዕዳውን፣ ማን ወርቋን ሸጣ እንደላከችው፣ ምን እንዳማረረው ታገኛላችሁ። ለምን አደባባይ እንደወጣም ከዚያው ውስጥ ሊገኝ ይችላል።

ሊገኝ ይችላል ነው ያልኩት። የፖለቲካ አመለካከቱን እናንተ አትፍጠሩለት። የጻፈው ነገር ካለ በራሱ ቃል፣ ከነቀኑ አስቀምጡት። ከሌለ «ለምን እንደወጣ ለቅርብ ሰዎቹ አልተናገረም» ማለት ይቻላል። ሰው ዳቦ ተወደደ ብሎም ይወጣል፣ ጓደኛው ስለታሰረም ይወጣል፣ ከሥራ ወደ ቤቱ ሲሄድም ሰልፉ መሀል ይገባል። የሞተ ሰው ላይ የእናንተን ባንዲራ ማልበስ ሕይወቱን ሁለተኛ ጊዜ እንደ መውሰድ ነው።

ስለ መድኃኒት ይጠየቃል

ኮሜንቱ ላይ መምጣቱ አይቀርም። ይህ ስፖርት ከስቴሮይድ ጋር ስሙ ተያይዟል፤ ምርመራ በጥብቅ የሚያካሂዱ ፌዴሬሽኖች እንዳሉ ሁሉ የማያካሂዱም አሉ። የእኔ ምክር ቀላል ነው። ማስረጃ ከሌላችሁ ወጋም አድርጋችሁ አትለፉ፤ «ንጹሕ ነበር» ብላችሁም አትማሉለት። ራሱ በሕይወት እያለ ተናግሮበት ከሆነ ያለውን ጻፉ።

ነገሩ ከሐሜት ያለፈ ነው። ሰውነቱን ለሠራ ስፖርተኛ «ልቡ ነው የቆመው» ብሎ ማስወራት በጣም ቀላል ነው፤ ሰውም ቶሎ ያምናል። ስለዚህ ጤናውን በተመለከተ የምትጽፉት እያንዳንዱ ቃል በኋላ ሌላ ሰው እጅ ላይ ሊወድቅ እንደሚችል አስቡ። የተጎዳበት ትከሻ ካለ፣ ቀዶ ሕክምና ካደረገ፣ ለታሪኩ ካስፈለገ ጻፉት። በማስረጃ ያልታየ «የልብ ችግር ነበረበት ይባላል» ግን አይግባ።

ቤተሰቡ ጋ ስትደርሱ

ከሁሉ በፊት ጥያቄው ደኅንነታቸው ነው። ከጽሑፋችሁ በፊት እነሱ አሉ። በ2022 ኢራን ውስጥ በሂጃብ አለባበሷ በፖሊስ ተይዛ የነበረችው ማህሳ አሚኒ ሴፕቴምበር 16 ቀን ከሞተች በኋላ በተነሣው ተቃውሞ ልጆቻቸው የተገደሉባቸው ብዙ ቤተሰቦች ዝም እንዲሉ፣ ቀብሩን በድብቅ እንዲያደርጉ፣ የሞቱን ምክንያት ሌላ ነው ብለው እንዲናገሩ ጫና እንደደረሰባቸው የሰብዓዊ መብት ድርጅቶች መዝግበዋል። ስለዚህ ቴሌቪዥን ላይ ወጥቶ «ልጄን የገደለው መንግሥት አይደለም» የሚል አባት ስታዩ ቃሉን እንዳለ መጥቀስ ትችላላችሁ፤ የት ሆኖ፣ ማን ካሜራውን ይዞ፣ ስንት ቀን ቆይቶ እንደተናገረ ግን አብራችሁ ጻፉ።

ስፖርተኞች ራሳቸው እንዲህ ዓይነት ጫና እንዳለባቸው ለማወቅ ኢራናዊቷን ስፖርተኛ ኤልናዝ ረካቢን ማስታወስ ይበቃል። በኦክቶበር 2022 ሴኡል ላይ ያለ ሂጃብ ሰው ሠራሽ ግድግዳ የመውጣት ውድድር ተወዳደረች፤ ከዚያ በኢንስታግራም ገጿ ላይ ሂጃቡ ሳታስበው እንደወደቀ የሚገልጽ ጽሑፍ ወጣ። ብዙ ሰው ቃሉ በነፃነት የተነገረ መሆኑን ተጠራጠረ። ጥሩ ጸሐፊ ቃሉንም ጥርጣሬውንም ያስቀምጣል።

ለቤተሰቡ በቀጥታ አትደውሉ። የሚያምኑት አንድ ዘመድ ወይም ጓደኛ በኩል ግቡ። ለቅሶ ቤት ጥያቄ ይዞ አይገባም። ሳምንት ጠብቁ፤ ካልፈለጉ ተዉአቸው። ከፈቀዱ ደግሞ ምን እንደምትጽፉ፣ የት እንደሚወጣ፣ የእነሱ ስም ይግባ አይግባ በግልጽ ንገሯቸው፤ ሐሳባቸውን ቢለውጡ እንደምታወጡትም ቃል ግቡ፣ ቃላችሁንም ጠብቁ። የምትነጋገሩበት መንገድ መልእክቱ የሚጠፋበት፣ ሲግናል የሚባለውን መተግበሪያ የመሰለ ይሁን። ድምፃቸውን ቀድታችሁ አትልቀቁ። ድምፅ ይለያል።

እናት ስታናግሩ ትንንሹን ጠይቁ። «ምን ተሰማዎት?» የሚባል ጥያቄ የለም። ዳየት ላይ ሆኖ ቤት ሲመጣ ምን ይሠሩለት ነበር? አልበላም ሲላቸው ምን ይሉት ነበር? የመጀመሪያውን ዋንጫ የት አስቀመጡት? የሕፃንነት ፎቶው ላይ ቀጫጫ ነበር? እንዲህ ሲጠየቁ እናቶች ያወራሉ፤ አንዳንዴም ፈገግ ይላሉ። ካለቀሱ ዝም በሉ፣ ቀጣዩን ጥያቄ አታስከትሉ።

የሞቱን ቀን ስትጽፉ

እዚህ ላይ ቅጽል ይቁም። ቀን፣ ሰዓት፣ ከተማ፣ መንገድ። ማን አየ? ማን ሆስፒታል ወሰደው? አስከሬኑ መቼ ተሰጠ? ምን ተጽፎ ተሰጠ? እያንዳንዱን ነገር ማን እንደተናገረው አብሩት። ባለሥልጣናቱ የሰጡት መግለጫ ካለ ሙሉውን አስገቡት፤ ከቤተሰቡ ቃል ጋር ከተጋጨ ሁለቱን ጎን ለጎን አድርጉ። ክያል ሲን ከተቀበረች በኋላ ባለሥልጣናት አስከሬኗን አውጥተው መረመሩና የመንግሥት መገናኛ ብዙኃን የተገኘው ነገር ከፖሊስ ጥይት ጋር እንደማይመሳሰል ተናገሩ። ይህን ከጽሑፉ መደበቅ አያስፈልግም። መቃብሩ የተቆፈረው ያለ ማን ፈቃድ፣ በስንተኛው ቀን እንደሆነ ስታስቀምጡ አንባቢው ራሱ ይመዝናል።

ተኳሹ ከታወቀ ተኳሹን ጻፉ። «በግጭቱ ሕይወቱ አለፈ» የሚባለው አነጋገር ገዳይ የሌለው ሞት ያስመስላል። ካልታወቀ ደግሞ ከየት አቅጣጫ እንደተተኮሰ፣ በቦታው ማን ታጥቆ እንደነበር ምስክሮቹ ያሉትን ብቻ አስፍሩ።

በመንገድ ላይ የተገደለንና በፍርድ ቤት ውሳኔ ተብሎ የተገደለን አትደባልቁ። ኢራናዊው ትግለኛ ናቪድ አፍካሪ ብዙ ጊዜ «ተቃውሞ ላይ የተገደለው ስፖርተኛ» ተብሎ ይጠቀሳል። እሱ በ2018ቱ ተቃውሞ ወቅት የጥበቃ ሠራተኛ ገድሏል ተብሎ ተከሶ፣ ቃሉን የሰጠሁት በሥቃይ ነው እያለ፣ ሴፕቴምበር 12 ቀን 2020 ሺራዝ ውስጥ በስቅላት ነው የተገደለው። ታሪኩ ሌላ ነው፤ ዶሴ አለው፣ ዳኛ አለው፣ የቀረበ ይግባኝ አለው። የሚጠየቀውም ሌላ ነው።

ቁጥር ስትጠቅሱ የማን ቁጥር እንደሆነ ይታወቅ። የተባበሩት መንግሥታት የኢራን አጣሪ ቡድን በ2022ቱ ተቃውሞ እስከ 551 ሰልፈኞች እንደተገደሉ፣ ከእነሱም ቢያንስ 68ቱ ሕፃናት እንደሆኑ ተዓማኒ ባላቸው መረጃዎች ጠቅሷል። እንዲህ ምንጭ ያለው ቁጥር አንድ ጊዜ ይበቃል። የእናንተ ሰው ከቁጥሩ ውስጥ አንዱ ነው፤ ጽሑፉ ግን የእሱ ነው።

ቪዲዮ ከመጣላችሁ መጀመሪያ አሮጌ አለመሆኑን እዩ። ምስሉን ወደ ጉግል ወይም ያንዴክስ የምስል ፍለጋ አስገቡ። የአየሩን ሁኔታ፣ የጥላውን አቅጣጫ፣ የሱቅ ምልክቱን አስተያዩ። የመጀመሪያውን ፋይል ሳትነኩ አስቀምጡ፤ በቴሌግራም ሲተላለፍ ጥራቱም ውስጡ ያለው መረጃም ሊጠፋ ይችላልና።

ቅዱስ አታድርጉት

ኢራኖች ስለ ትግለኛው ጎላምሬዛ ታክቲ ሲናገሩ ወርቁን ብዙም አያነሡም። በ1956 ሜልቦርን ላይ ኦሎምፒክ አሸንፏል። ሰው የሚያነሣለት ግን በ1962 ቡኢን ዛህራ ላይ የመሬት መንቀጥቀጥ ሲደርስ ቴህራን ጎዳና ላይ ወጥቶ ለተጎጂዎች ዕርዳታ መሰብሰቡን ነው። በ1968 ሲሞት መንግሥት ራሱን አጠፋ አለ፤ ብዙ ሰው አላመነም፣ ዛሬም የማያምን አለ። እዚያ አገር ጉልበት ያለው ሰው ደካማን ይጠብቅ ዘንድ ይጠበቅበታል፤ ይህ ልማድም ዕድሜ ጠገብ ነው። ዙርኻኔ የሚባለው ባህላዊ የስፖርት ቤት ውስጥ ወንዶች ከባድ የእንጨት ዱላ በከበሮ ምት እያወዛወዙ ግጥም ይሰማሉ፤ ዩኔስኮ በ2010 መዝግቦታል። የዛሬ ሰውነት ግንባታ ስፖርተኛ ሲገደል ሰዉ በዚያ መነጽር ነው የሚያየው። ይህንን ለአንባቢያችሁ ብትነግሩት ለምን እንደዚያ እንደተለቀሰለት ይገባዋል።

ነገር ግን ሰውየው ስህተት ያለበት ሰው ነበር። ተሸንፎ አኩርፎ ሊሆን ይችላል፣ ከአሠልጣኙ ተጣልቶ ሊሆን ይችላል፣ ተፋትቶ ሊሆን ይችላል። ለታሪኩ የሚያስፈልገውን ያህል ይግባ። አራተኛ የወጣበትን ዓመት ከወርቁ ባልተናነሰ ጻፉት። አራተኛ ወጥቶ ሰኞ ጠዋት ጂም ተመልሶ የሄደ ሰው ምን ዓይነት ሰው እንደሆነ አንባቢ ሳትነግሩት ያውቃል። በቃ፣ ሰው አድርጋችሁ አሳዩት።

ከመለጠፋችሁ በፊትና በኋላ

የጂም ፎቶ ስታወጡ ከጀርባ ያሉትን ሰዎች ፊት ሸፍኑ፤ መስታወቱ ውስጥ የሚታየውንም አትርሱ። ጂም በመስታወት የተሞላ ነው፤ ሰዉ የሚረሳው ይህንን ነው። የጂሙ ስም የሚታይ ከሆነና ባለቤቱ ካልፈቀደ ቁረጡት። በሰልፉ ላይ አብረውት የነበሩ ሰዎች ፊት በምንም ምክንያት አይውጣ። በአርቴፊሻል ኢንተለጀንስ «የተዋበ» ፎቶ አትጠቀሙ፤ ክንፍ ያለው፣ ብርሃን የሚወጣው፣ ክንዱ ከተፈጥሮው በላይ የተነፋ ምስል ቶሎ ይሰራጫል፣ ከዚያ እውነተኛው ፎቶ ራሱ ይጠረጠራል። የመድረክ ፎቶ አንድ ይበቃል። ሌላው ልብሱን ለብሶ፣ ከሰው ጋር ተቀምጦ የተነሣው ይሁን።

በስሙ ገንዘብ የሚለምኑ ገጾች በሰዓታት ውስጥ ይከፈታሉ። ቤተሰቡ በራሳቸው አፍ ያላረጋገጡትን ሊንክ አታስቀምጡ፤ ኮሜንት ላይ ሲለጠፍም አጥፉ።

ስሕተት ሲነገራችሁ ደግሞ አርሙ፣ ምን እንደታረመና መቼ እንደታረመ ከላይ ጻፉ። ጽሑፉን የድረ ገጾችን ቅጂ በሚያስቀምጠው ዌይባክ ማሽን ላይ አስቀምጡ፤ ገጽ ሊዘጋ ይችላል፣ ኢንተርኔትም ይቋረጣል። አርባኛው ቀን ሲደርስና ሙት ዓመቱ ሲመጣ ተመልሳችሁ ክፈቱት። ፈርቶ ዝም ያለ አሠልጣኝ ከስድስት ወር በኋላ ሊናገር ይችላል፣ የጠፋው የ2014 ውድድር ውጤት ከአንድ ሰው ስልክ ውስጥ ሊገኝ ይችላል፣ ምርመራ ተከፍቶ ሊሆንም ይችላል። ያገኛችሁትን ጨምሩበት፣ ለቤተሰቡም አዲሱን ቅጂ ላኩላቸው።